እኩሌታው እስኪያልቅ

የሰፈሩ ሰው ሁሉ «ሰፋ ይበል» ይለዋል። እናቱ ያወጣችለት ስም እንዳለው የሚያውቁት ባንኩና ሚስቱ ብቻ ናቸው፤ ሚስቱም ብትሆን ስትቆጣ ካልሆነ አትጠራበትም። ቅጽል ስሙን ያወጣለት የገዛ አፉ ነው። ሱሪ ሊያሰፋ የመጣ ጎረምሳ «ጠበቅ ይበልልኝ» ሲለው፣ ሜትሩን ወገቡ ላይ እንዳዞረ ቀና ይልና «ሰፋ ይበል ልጄ፤ የሰፋ ይጠባል፣ የጠበበውን ግን ከየት አምጥቼ እቀጥልልሃለሁ?» ይለዋል። ጎረምሳው አኮረፈም አላኮረፈም፣ ሱሪው ሰፋ ብሎ ይቆረጣል። በቅምቅማቱ ውስጥም አንድ ጋት ጨርቅ ታጥፎ ይቀራል።

ከሁለት ሦስት ዓመት በኋላ ቦርጭ አውጥቶ የሚመለስ ደንበኛ፣ ያ የታጠፈ ጨርቅ ሲለቀቅለት አዲስ ሱሪ በነጻ የተሰጠው ያህል ይመርቀዋል። ሰፋ ይበል ይህን ምርቃት ይወዳል። በሕይወቱ አጥብቆ የሚያምንበት አንድ ነገር ቢኖር ይኸው ነው፤ ሰው ትርፍ ጨርቅ ይኑረው እንጂ ሌላውን ቀስ ብሎ ያስተካክለዋል። እምነቱ ለሱሪ እውነት ነው። ክፋቱ ግን ይህንኑ ይዞ ባንክ መግባቱ ነው።

ያኔ እሱና ሚስቱ በሰው ግቢ ውስጥ ባለች አንዲት ክፍል ነበር የሚኖሩት። ሚስቱ ነርስ ስለሆነች ሰፈሩ «ሲስተር» ይላታል፤ እሱም ከሰፈሩ ተምሮ ሲስተር ይላታል። ልጅ አልወለዱም፤ ያንን ጉዳይ አልቅሰውም ተነጋግረውም ከጨረሱት ቆይተዋል። የቀራቸው ምኞት የራሳቸው ቤት ነበር፤ ሦስት መኝታ ቤት፣ በረንዳ፣ ማንም «መብራት አጥፉ» የማይልበት ግቢ። የባንኩ ሰው ወረቀቱን እያገላበጠ «በአሥራ አምስት ዓመት ይሁንልዎት በሃያ አምስት? በሃያ አምስቱ ወርሃዊው ትንሽ ቀለል ይላል» አላቸው። ሰፋ ይበል ሌላ ጥያቄ አልጠየቀም።

«ሰፋ ይበል» አለ።

ሲስተር ሳቀች። የባንኩ ሰውም ሳቀ። የባንኩ ሰው ለምን እንደሳቀ ለሰፋ ይበል የገባው ግን ከአሥራ አንድ ዓመት በኋላ ነው።

ቤቱ ተገዛ፣ ክፍያውም ተጀመረ። ቀለል ይላል የተባለው ክፍያ ከሱቁ የሚገኘውን ጠራርጎ ይወስድ ጀመር። ሰው ደግሞ ተዘጋጅቶ የመጣ ልብስ መልበስ ለምዷል፤ ሱቁ አንዳንድ ቀን ከዚፕ ቅየራ ሌላ ሥራ አይገባውም። ዓመቱ ሳይጋመስ ለሲስተር ከአንድ ሩቅ ከተማ ሆስፒታል ጥሪ መጣላት። ቦታው ሩቅ ስለሆነ ደመወዙ ጭማሪ አለው፣ ለነርሶች ማደሪያም በነጻ ይሰጣል። አውቶቡሱ ማልዶ ከተነሳ የሚደርሰው በማግስቱ ጠዋት ነው። ሁለት ሳምንት ሙሉ ስለ ሌላ ሌላው ሲያወሩ ሰነበቱ፤ በመጨረሻ መናኸሪያው ውስጥ ሻንጣዋን አውቶቡሱ ጣሪያ ላይ ሲያስጭን ቃል ተገባቡ።

«የዕዳው እኩሌታ እስኪያልቅ ብቻ» አለች። «ከዚያ በኋላ ያለውን አንተም ትችለዋለህ፣ እኔም እመጣለሁ።»

«እኩሌታው እስኪያልቅ» አለ እሱም። የሃያ አምስት ዓመት እኩሌታ አሥራ ሁለት ዓመት ተኩል ነው፤ ይህን ለማወቅ ሜትር አላስፈለገውም።

ናፍቆት ሥራ የማይፈታ ሰውም አይምርም። ሰፋ ይበል ግን ናፍቆቱን በቤቱ ላይ ተወጣው። ሲስተር ከክፍያው የሚተርፍ ገንዘብ ስትልክ ሳሎኑን ሴራሚክ አስነጠፈ። በሚቀጥለው ዓመት ኮሪደሩን፣ ከዚያ በረንዳውን። ስድስት ወንበር ያለው የምግብ ጠረጴዛ አሠራ፤ ተቀምጦበት የሚያውቅ ግን የለም፣ እሱ ራሱ ዳቦውን በሻይ የሚበላው ከስፌት መኪናው ጎን ቆሞ ነው። ቁም ሳጥን አስገባ፤ ግማሹን ባዶ ተወላት። እንግዳ የገባ እንደሆነ «ይቺ የሷ ናት» እያለ ባዶውን ወገን ከፍቶ ያሳያል።

ሲስተር በየሁለት ወሩ ለሦስት ቀን ትመጣለች። ትመጣለችና፣ በገዛ ቤቷ የወጥ ቤቱን መብራት አበራለሁ ስትል የበረንዳው ይበራል። ጨው የት እንዳለ ትጠይቃለች። ስትጠይቅ ደግሞ «ይቅርታ» ትላለች፤ እሱን ከሁሉም በላይ የሚያመው ይህች ይቅርታ ናት። ሌሊት በሰፊው አልጋ ላይ ጥግ ይዛ ነው የምትተኛው። የማደሪያዋ አልጋ የአንድ ሰው ስለሆነ ገላዋ ያንን ለምዷል። በመካከላቸው ሌላ ሰው የሚያስተኛ ቦታ ይቀራል፤ እሱም እንዳይቀሰቅሳት ፈርቶ ወደዚያ አይሻገርም።

እሱ ወደሷ ሄዶ አያውቅም። ሁለት ጊዜ አስቦ ነበር። አንደኛው ጊዜ ሴራሚክ አንጣፊው የመጣበት ሳምንት ሆነ፣ ሁለተኛው ጊዜ ጣሪያው አፈሰሰ። ከዚያ በኋላ «ቤቱን ማን ይጠብቃል?» የሚለው ጥያቄ እንደ መልስ ሆኖ ተቀመጠ። ክፍሏን የሚያውቃት በስልክ ነው። ገና በመጀመሪያው ዓመት መጋረጃ እንዲሰፋላት በስንዝር ለክታ ነግራው ነበር፤ ወፍራም ቡናማ ጨርቅ መርጦ፣ ሰፍቶ፣ በሹፌር ላከ። «ልኩ ሆነ ወይ?» ሲላት «በጣም ያምራል» አለችው። ደስ አለው።

እንዲህ እያለ አሥራ አንደኛው ዓመት ሞላ። አንድ ዓመት ተኩል ቀረ። ሰፋ ይበል ደንበኛ ሁሉ የሚስቱን መምጫ እንዲያውቅ አደረገ፤ ዚፕ ሊያስቀይር የመጣውም ሳይቀር ሰምቶ ይሄዳል።

አንድ ቀን የባንኳ ልጅ መጣች። የሱቁ ጎረቤት በሆነ ባንክ ውስጥ ነው የምትሠራው፤ የእሱን ብድር የያዘው ባንክ ሌላ ነው። የሥራ ጉርዷን በፌስታል ይዛለች።

«ጋሼ፣ ጠበበኝ። ወፍረሽ ነው እንዳይሉኝ ብቻ» አለችና እጇን ሆዷ ላይ አድርጋ ፈገግ አለች።

«ገባኝ፣ ገባኝ። እንኳን ደስ ያለሽ! ሰፋ ይበል ስልሽ ግን አኩርፈሽኝ ነበር፤ ረሳሽው?»

ወገቡን እየተረተረ፣ ያስቀመጠውን ትርፍ ጨርቅ እያወጣ፣ እንደ ልማዱ ወሬውን ጀመረላት። የኔዋም ልትመጣ ነው፤ የቤታችን ዕዳ እኩሌታው ሊያልቅ ነው፤ ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል ማለት ይኼ ነው። ልጅቷ ደስ ብሏት ስትሰማ ቆየችና «የስንት ዓመት ብድር ነው?» አለችው። ነገራት። «ወለዱስ?» አሥራ ሁለት ከመቶ መሆኑን ነገራት። ከዚያ በኋላ ፈገግታዋ ጠፋ። ስልኳን አውጥታ ጥቂት ነካካች።

«ጋሼ፣ እስኪ ሜትርዎን ይስጡኝ።»

ከአንገቱ አውልቆ ሰጣት። በመቁረጫው ጠረጴዛ ላይ ዘረጋችው።

«ይህ መቶ ሃምሳ ቁጥር የተበደሩት ገንዘብ ነው እንበል። ከዚህ ውስጥ እስካሁን የቱ ጋ ደርሻለሁ ነው የሚሉት?»

ሰፋ ይበል አውራ ጣቱን ስልሳ ስድስት ላይ አሳረፈ። ልጅቷ ከመርፌ ማስቀመጫው አንድ ስፒል ነቅላ ሃያ ሁለት ላይ ሰካች።

«እዚህ ነው ያሉት።»

ሳቀ። «ልጄ፣ ሜትሩን ገልብጠሽ ነው የያዝሽው።»

«አልገለበጥኩም።»

«አንድ ወር እኮ አላጓደልኩም! ታምሜ እንኳ ከፍያለሁ።»

«ከፍለዋል ጋሼ። እንዲያውም ይህን ሜትር ሙሉውን ከፍለው ጨርሰው፣ ከሌላ ሜትር ላይ ሃምሳ ስምንት ቁጥር ጨምረዋል።»

«ታዲያ የት ገባ?»

«ወለዱ ነዋ። ወለድ የሚታሰበው በቀረው ዕዳ ላይ ነው። መጀመሪያ ላይ ዕዳው ሙሉ ስለሆነ ክፍያውን ወለድ ይበላዋል። የመጀመሪያ ወር ክፍያዎን መቶ ሃምሳ ቁጥር ብናደርገው፣ ለቤቱ የዋለው ስምንት ቁጥር ብቻ ነው።»

ስምንት ቁጥር እሱ በሱሪ ቅምቅማት ውስጥ የሚተዋት ጨርቅ ናት። እሷን ነው ለቤቱ የከፈለው፤ ሱሪውን ሌላ ሰው ለብሶታል። ልጅቷ ፈራ ተባ እያለች ጨረሰችለት። ሃያ አምስቱ ዓመት ሲያልቅ እንዲህ ያለ ሜትር ከሦስት በላይ ይከፍላል፤ ማለትም ሦስት ቤት ከፍሎ አንድ ቤት ይይዛል። በአሥራ አምስቱ ዓመት ፈርሞ ቢሆን ኖሮ ወርሃዊው የሚጨምርበት ሰባተኛ እጅ ብቻ ነበር፤ ዛሬ አራት ዓመት ይቀረው ነበር። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይሏል ይህ ነው።

ሰፋ ይበል ይህን ሁሉ በትዕግሥት ሰማ። ገንዘብ ያናድዳል እንጂ አንጀት አይቆርጥም። አንጀቱን የቆረጠው ቀጥሎ ራሱ የጠየቀው ነው።

«እኩሌታውስ... እኩሌታው መቼ ነው የሚያልቀው?»

«ሃያ ዓመት ሊሞላው ሲል። ከዛሬ ስምንት ዓመት ተኩል በኋላ።»

ስፒሉን ነቅሎ መልሶ እዚያው ሰካው። ልጅቷ ደንግጣ መላ ታወጣለት ጀመር። አሁንም አልረፈደም፤ ትርፍ ገንዘብ ሲገኝ ከዋናው ዕዳ ይቀነስልኝ ይበሉ። ወርሃዊው ይነስ ወይስ ዓመቱ ይጠር ብለው ሲጠይቁዎት፣ ዓመቱ ይጠር ይበሉ። በሚከፍሉት ላይ ግማሹን መጨመር ከቻሉ፣ የቀረው አሥራ አራት ዓመት ወደ ሰባት ይወርዳል። እሱ ግን የሳሎኑን ሴራሚክ እያሰበ ነበር። የኮሪደሩን። የስድስቱን ወንበሮች። ያን ሁሉ ከዋናው ዕዳ ቢቀንሱት ኖሮ፣ ይህን ጊዜ የበረንዳውን መብራት በስህተት የምታበራ ሚስት አትኖረውም ነበር። ጉርዱን ሰፍቶ ሰጣት፤ ሒሳቡን መቀበል ስለረሳ ልጅቷ ካውያው ሥር አስቀምጣለት ሄደች።

ለሲስተር በስልክ አልነገራትም። ሆድ ይፍጀው ብሎ ያዘው። «ምን ሆነሃል?» ስትለው ጉንፋን ነው አለ፤ በሚቀጥለው ሳምንትም ጉንፋን ነው አለ። ነርስ ለሆነች ሚስት ይህን ያህል የሚረዝም ጉንፋን መዋሸት ድፍረት ይጠይቃል።

የመምጫዋ ቀን ደረሰና መጣች። ቦርሳዋን ሳታስቀምጥ ወጥ ቤት ገባች፤ በግድግዳው ላይ ዳሰሰች፤ የበረንዳው መብራት ቦግ አለ። ሳቀችና ማብሪያውን በጣቷ መታ መታ አድርጋ «አንድ ዓመት ተኩል ብቻ ታገሠኝ፤ ከዚያ አሳይሃለሁ» አለችው።

ሰፋ ይበል ከዚህ በላይ አልቻለም። ሜትሩን አምጥቶ ባለ ስድስት ወንበሩ ጠረጴዛ ላይ ዘረጋው። ለመጀመሪያ ጊዜ ሁለቱም ተቀመጡበት። ስፒሉን ሰክቶ፣ የሰማውን ሁሉ አንድ በአንድ ነገራት።

ሲስተር ጣቷን ከሃያ ሁለት ተነሥታ እስከ ሜትሩ እኩሌታ ጎተተች።

«ስምንት ዓመት ተኩል» አለች። «ማብሪያዎቹን የምለምዳቸው ጡረታ ስወጣ ነው በለኛ።»

«ጥፋቱ የኔ ነው። ሰፋ ይበል ያልኩት እኔ ነኝ።»

«እኔም አጠገብህ ተቀምጬ ስቄያለሁ።»

አለቀሰች። እሱም አለቀሰ። ከዚያ ፊቷን ታጠበችና እንሽጠው ወይ አለችው፤ እሱ ወለሉን አየ። እሷም ደግማ አላነሳችውም፤ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ለበሽተኞቿ ስታወራው የኖረችው ይህንኑ ወለል ነው። ሻይ አፈላች። ሻዩ ሲያልቅ ብርጭቆዋን አስቀምጣ ዞረችበት።

«ሰውዬ፣ ቤቱ ካለበት አይነቃነቅም። እኔ ሥራዬን ብለቅ ክፍያው ይቆማል። ታዲያ የሚነቃነቀው ማነው?»

ሰፋ ይበል ሌላ ሦስተኛ ሰው ያለ ይመስል ዞር ዞር ብሎ አየ።

«አንተን ነው! ልብስ እዚያም ይቀደዳል። እዚያም ሰው ይወፍራል።»

«ቤቱንስ ማን ይጠብቀዋል?»

«ተከራይ። ኪራዩ አብዛኛውን ክፍያ ይችላል፣ የጎደለውን ያንተ መርፌ ይሞላል፤ እኔ የምልከው ደግሞ እንዳለ ከዋናው ይቀነስ።»

መልሱ ቀላል ነበር። ቀላል መሆኑ ነው ያስከፋው። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ከመተኛቱ በፊት የሚያያት አንዲት ነገር ነበረችው፤ ሲስተር ሻንጣዎቿን ሁሉ ይዛ ለመጨረሻ ጊዜ ስትመጣ፣ እሱ በሩን ሲከፍት፣ ሁሉም መብራት በርቶ። ቤቱን ሲያሳምር የኖረው ለዚያች ደቂቃ ነው።

«እኔ እኮ በሩን ልከፍትልሽ ነበር የቆየሁት» አላት።

«እኔን የናፈቀኝ አንተ ነህ» አለችው። «በሩ ናፍቆኝ አያውቅም።»

ቤቱን አንድ አስተማሪ ከሚስቱና ከሦስት ልጆቹ ጋር ተከራየው። ልጆቹ በገቡበት ቀን በሴራሚኩ ላይ በካልሲ ተንሸራተቱበት፤ የትኛው ማብሪያ የትኛውን እንደሚያበራ በአንድ ከሰዓት ለይተው ጨረሱ። ሰፋ ይበል ደጅ ቆሞ ሰማቸው። ቀናባቸው። ከዚያ ባንክ ሄደ። ተረኛዋ ሠራተኛ «ወርሃዊው ይነስልዎት ወይስ ዓመቱ ይጠር?» ስትለው «ዓመቱ ይጠር» አላት። በዚህኛው ጊዜ ማንም አልሳቀም።

ሰው ሲጣደፍ ጨርቄን ማቄን ሳይል ሄደ ይባላል። ሰፋ ይበል ግን ጨርቁንም ማቁንም ጠቅልሎ ነው የሄደው፤ የስፌት መኪናውን በብርድ ልብስ ገንዞ አውቶቡስ ጣሪያ ላይ አስጭኖ፣ በየማረፊያው እየወረደ «ገመዱ ላልቷል» እያለ ረዳቱን ሲያስመርር ውሎ አደረ። በማግስቱ ረፋዱ ላይ ደረሰ። ሲስተር ከሌሊት ተራ በቀጥታ መናኸሪያ መጥታ፣ ዓይኗ ቀልቶ፣ የሥራ ጫማዋን እንዳደረገች ቆማ ነበር። ሳትስመው በፊት የኮቱን አንገትጌ አስተካከለችለት።

ክፍሏ ትንሽ ናት። አንድ አልጋ፣ አንድ ወንበር፣ አንድ መስኮት። ሰፋ ይበል እንደ ገባ ዓይኑ መስኮቱ ላይ ተተከለ። ያ ቡናማ መጋረጃ ከመስኮቱ ግርጌ አንድ ጋት አጥሮ ተንጠልጥሏል፤ ከሥሩ የገባው ፀሐይ በትራሱ ላይ ቀጥ ብሎ ወድቋል። በትራሱ ጎን የተጣጠፈ ጥቁር ሻርፕ አለ። ሌሊት ሠርታ ቀን የምትተኛ ሴት ዓይኗን በሻርፕ አስራ ስትተኛ እንደኖረች ሳይነገረው ገባው።

«አጥሯል!» አለ፤ የተቆጣ ለመምሰል ሞከረ። «አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ አንድ ቀን እንኳ አጠረኝ አይባልም?»

«ብልህ ትመጣ ነበር?»

ሄዶ የመጋረጃውን ጫፍ ገለበጠ። ቅምቅማቱ ውስጥ፣ እንደ ልማዱ፣ አንድ ጋት ጨርቅ ታጥፎ ተቀምጧል። ቀድሞ መጥቶ ቢሆን በአንድ ከሰዓት ይለቀቅ የነበረ ጨርቅ ነው። መቀሱን ለማውጣት ሻንጣውን መፈታታት ጀመረ።

«ነገ» አለችው። «ዛሬ ደክሞኛል፤ አንተም ደክሞሃል።» ጫማዋን አወለቀች፤ ከዚያ አልጋውን አየችና አፈረች። «የአንድ ሰው ነው እኮ። አይበቃንም። ፍራሽ ተውሼ መሬት ላይ ላንጥፍ?»

ሰፋ ይበል ኮቱን ወንበሩ ላይ ሰቀለ። ሜትሩን ከአንገቱ አውልቆ በኮቱ ላይ አደረገው። አልጋው ላይ ወጣና ጀርባውን ለግድግዳው ሰጥቶ በጎኑ ተጋደመላት።

«ተዪው» አላት። «ጠበብ ይበል።»